የትኛውን ክፍል ሁለት ልመልከት? የጋንጃ ኮሜዲዎችና የፖለቲካ ስላቃቸው

ክፍል ሁለት ፊልም ብዙ ጊዜ የሚሠራው ክፍል አንድ ብር ስላመጣ ነው። የጋንጃ ኮሜዲ ሲሆን ደግሞ ነገሩ ይብሳል። ሁለት ጓደኛሞች ያጨሳሉ፣ ይጦዛሉ፣ ይርባቸዋል፣ ፖሊስ ያሯሩጣቸዋል፣ አለቀ። በሁለተኛው ዙር ምን ይጨመርበታል? ብዙዎቹ ምንም አይጨምሩበትም፤ ያንኑ ታሪክ ሌላ ከተማ ወስደው ይደግሙታል። ከመሃላቸው ጥቂቶቹ ግን፣ ማንም ሳይጠብቃቸው፣ ስለ አሜሪካ እስር ቤት፣ ስለ ዘር፣ ስለ ቤት ኪራይና ስለ ድንበር ኮስተር ካሉ ድራማዎች የበለጠ ተናግረዋል። ሌሎቹ ደግሞ ሊናገሩ አፋቸውን ከፍተው መሃል ላይ ሐሳባቸውን ቀይረዋል።

ይህን የጻፍኩት አንድ ምሽት ወይም ቢበዛ ሁለት ምሽት ያለው፣ ጊዜውን ማባከን የማይፈልግ ሰው እንዲመርጥበት ነው። መለኪያዬ አንድ ነው፤ ቀልዱ የሚያርፈው ማን ላይ ነው? ፕሬዚዳንት የሚመስል ተዋናይ አምጥቶ ማሾፍ ቀላል ነው። ከባዱ፣ ተመልካቹ ውስጥ የተቀመጠውን ጥርጣሬ ሳያስበው አስወጥቶ በራሱ ላይ እንዲስቅ ማድረግ ነው። በሳቅ ብዛት ብለካማ ደረጃው ሌላ ይሆን ነበር።

አስቀድሜ ልንገራችሁ፤ ሁሉም ፊልሞች አሜሪካ ውስጥ ከ17 ዓመት በታች ያለ ልጅ ብቻውን ሲኒማ ገብቶ እንዳያያቸው የተመደቡ ናቸው። ስድቡ ብዙ ነው፣ ራቁት ገላ አለ፣ የሽንት ቤት ቀልዱ ደግሞ ከሚገባው በላይ ነው። ከእናታችሁ ጋር ሶፋ ላይ ቁጭ ብላችሁ የምታዩት ነገር አይደለም። ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የጻፍኩት።

ሃሮልድና ኩማር፦ ሁለተኛው ወይስ ሦስተኛው?

ከነዚህ ሁሉ ፖለቲካውን ርዕሱ ላይ የለጠፈው አንድ ፊልም ብቻ ነው፤ በ2008 የወጣው «ሃሮልድ ኤንድ ኩማር ኤስኬፕ ፍሮም ጓንታናሞ ቤይ»። ስለዚህ እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ።

ከቻላችሁ በ2004 የወጣውን ክፍል አንድ ቀድማችሁ እዩት። ሃሮልድ ሊ የኮሪያ ቤተሰብ ልጅ ነው፤ ኢንቨስትመንት ባንክ ውስጥ ይሠራል። ኩማር ፓቴል የሕንድ ቤተሰብ ልጅ ነው፤ ጭንቅላቱ ለሕክምና ትምህርት ይበቃል፣ ልቡ ግን የለም። ቤተሰቡ ዶክተር ሁን ይለዋል፣ እሱ ይሸሻል። (ዲሲና ሲያትል ያደጉ የሐበሻ ልጆች ይቺን ክፍል ያለ ማብራሪያ ይረዷታል።) ሁለቱ አጭሰው በርገር ያምራቸዋል፤ ፊልሙ በሙሉ ኋይት ካስል የሚባለውን በርገር ቤት ፍለጋ ነው። በዚያን ጊዜ የሆሊውድ ኮሜዲ ውስጥ እስያዊ መልክ ያለው ወጣት ብዙውን ጊዜ ጥግ የሚቀመጥ፣ አነጋገሩ የሚሾፍበት ጎበዝ ተማሪ ነበር። ጆን ቾና ካል ፔን መሃል ላይ ቆሙ። ፊልሙ ወደ 9 ሚሊዮን ዶላር ፈጅቶ ሲኒማ ቤት ውስጥ ብዙም አልተንቀሳቀሰም። በዲቪዲ ግን ከእጅ ወደ እጅ ዞረ፤ ክፍል ሁለት የመጣውም ከዚያ ነው።

ሁለተኛው የመጀመሪያው ካቆመበት ይቀጥላል። ሃሮልድ የወደዳት ልጅ አምስተርዳም ሄዳለች፣ ሁለቱ ተከትለዋት ሊበሩ ነው። ኤርፖርት ላይ ኩማር ለፍተሻ ወደ ጎን ይጠራል። «በመልኬ ነው የጠራችሁኝ» ብሎ ይጮሃል። ፈታሹ ደግሞ ጥቁር ነው። እዚህ ጋ ልብ ብላችሁ እዩ፤ ኩማር በመልኩ መጠርጠሩ እውነት ነው፣ ዕቃው ውስጥ የደበቀው ነገር መኖሩም እውነት ነው። ፊልሙ ንጹህ ተበዳይ አላደረገውም። በኤርፖርት ወረፋ ላይ «በአጋጣሚ» እየተባለ ሁሌ የሚጠራ ሰው ይሄን ትዕይንት ሲያይ መሳቁም መናደዱም አይቀርም።

ከዚያ አውሮፕላን ውስጥ አንዲት አሮጊት ኩማርን ዞር ብለው ያዩታል፤ ጺሙ አድጎ አሸባሪ ሆኖ ይታያቸዋል። እሱ ደግሞ ጭስ የማያወጣ ቦንግ ብሎ የሠራትን ማጨሻ ሽንት ቤት ውስጥ ሊለኩስ ሲሞክር ይያዛል። ቦንግ ነው ይላል፣ ሰው ቦምብ ይሰማል። ሁለቱም በቀጥታ ወደ ጓንታናሞ።

ይህ ሁሉ በ2008 ምን ማለት እንደነበር ማስታወስ ይጠቅማል። ፊልሙ ሲኒማ የገባው ኤፕሪል 25 ነው፤ ከሴፕቴምበር 11 ጥቃት 7 ዓመት እንኳ አልሞላም። ኩባ ውስጥ ያለው፣ የሽብር ተጠርጣሪዎች የሚታሰሩበት የአሜሪካ የጓንታናሞ እስር ቤት የተከፈተው በጃንዋሪ 2002 ሲሆን፣ በጠቅላላው ወደ 780 የሚሆኑ ሰዎች አልፈውበታል፤ አብዛኞቹ ክስ እንኳ ሳይመሠረትባቸው። ፊልሙ ከወጣ ሁለት ወር ሳይሞላ፣ ጁን 12 ላይ፣ የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በቡመዲየን ጉዳይ እስረኞቹ መታሰራቸውን ፍርድ ቤት ፊት የመሞገት መብት አላቸው ብሎ ፈረደ። ማለትም ዳኞቹ ገና እየተከራከሩበት ያለውን ነገር ሁለት ጦዘው የሚውሉ ልጆች ሲኒማ ቤት ውስጥ ያሾፉበት ነበር። ለኮሜዲ ይህ ትንሽ ድፍረት አይደለም።

የፊልሙ ሞተር ሮን ፎክስ ነው፤ ሮብ ኮርድሪ የሚጫወተው የአገር ውስጥ ደህንነት ባለሥልጣን። ኮሪያዊና ሕንዳዊ አብረው ሲያይ ሰሜን ኮሪያና አልቃይዳ ተባበሩ ብሎ ይደመድማል። ኩማር ሕንዳዊ ቢሆን አረብ ቢሆን ለሱ ልዩነት የለውም። ምስክር ሲጠይቅ አይሁዳውያን ጓደኞቻቸው ፊት ሳንቲም ይዘረግፋል፣ ጥቁሩ ፊት የወይን ጣዕም ያለው ሶዳ ያፈስሳል። ይህ የሚያስቅ ብቻ አይደለም፤ ደደብነቱ ዘዴ አለው። ፎክስ ሰውየውን አይጠይቅም፣ ስለ ሰውየው የሰማውን ተረት ነው የሚጠይቀው።

ከሁሉም በላይ የወደድኩት የአስተርጓሚውን ትዕይንት ነው። ፎክስ የሃሮልድን ወላጆች ሊመረምር ኮሪያኛ አስተርጓሚ ያመጣል። ወላጆቹ አሜሪካ ውስጥ ስንት ዘመን የኖሩ ናቸው፤ ጥርት ባለ እንግሊዝኛ ይመልሳሉ። አስተርጓሚው ግን ይሄ ሰምቼ የማላውቀው ዘዬ ነው፣ አልገባኝም ይላል። ያ ሰው መልክ እያየ ጆሮው ተደፍኗል። ትዕይንቱ ሁለት ደቂቃ ቢሆን ነው፤ ስደተኛ ወላጅ ያለው ሰው ግን ባንክ ቤት፣ ሆስፒታል፣ ቀበሌ የመሰለ ቢሮ ውስጥ ያየውን ሁሉ ያስታውሰዋል። እናትህ በትክክል ትናገራለች፣ ሠራተኛዋ ግን ዞር ብላ አንተን ነው የምትጠይቀው። ስለ መንግሥት ምንም ንግግር የለበትም፣ ግን ከፊልሙ ሁሉ በጣም ፖለቲካዊው ይሄ ነው።

ከእስር ቤቱ አምልጠው ከኩባውያን ጋር በጀልባ ማያሚ ይገባሉ፣ ከዚያ በደቡብ ግዛቶች አድርገው ወደ ቴክሳስ ያመራሉ። አላባማ ውስጥ ጥቁሮች የሚኖሩበት ሰፈር መኪናቸው ትጋጫለች። ወጣቶች ብረት ይዘው ወደነሱ ይመጣሉ። ሁለቱ ፈርጠጥ። ሰዎቹ ለካ መኪናዋን ሊጠግኑላቸው ነበር የመጡት። እዚህ ጋ ቀልዱ ሃሮልድና ኩማር ላይ ያርፋል፣ ከነሱ ጋር የፈራውም ተመልካች ላይ። ከጥቂት ደቂቃ በፊት በመልክ ተፈርጀው የተበደሉት ሰዎች ራሳቸው በመልክ ፈረጁ። ይኼን ነው የምፈልገው።

ቀጥሎ ግን ስክሪፕቱ ራሱን ይበላል። ጫካ ውስጥ አንድ አስፈሪ ገጠሬ ነጭ አዳኝ ይቀበላቸዋል፤ ቤቱ ከውጭ ጎጆ፣ ከውስጥ መጽሔት ላይ የሚታይ ዓይነት ሆኖ ይገኛል። አሁንም ግምታችን ወደቀ፣ ጥሩ። ከዚያ ግን ባልና ሚስቱ እህትና ወንድም ናቸው፣ ምድር ቤት ውስጥ ደግሞ አንድ ዓይን ያለው ልጅ አላቸው። ስለ ደሃ ገጠሬ ነጮች የሚወራውን ያረጀ ስድብ ፊልሙ መልሶ አመጣው። ለጥቁሮቹ የሰጠውን ክብር ለገጠሬው ነፈገው። የነጭ ዘረኞቹ የኩ ክላክስ ክላን ስብሰባ ውስጥ የሚገቡበት ክፍል ደግሞ ያስቃል እንጂ አዲስ ነገር አይናገርም፤ በክላን ላይ ማሾፍ የሚያስከፍለው ነገር የለም።

ከዚህ የከፋው ግን ጓንታናሞ ራሱ ነው። ርዕሱ ላይ የተጻፈው ቦታ ፊልሙ ውስጥ የሚቆየው ለጥቂት ደቂቃ ብቻ ነው፤ ያውም አብዛኛው በወሲብ ማዋረድ ቀልድ ያልቃል። ከጎናቸው ያሉት እስረኞች ደግሞ እውነተኛ አሸባሪ ሆነው ነው የቀረቡት፤ ሁለቱ ልጆች አሜሪካን ወክለው ይከራከሯቸዋል። እንግዲህ ፊልሙ የሚለው «እኛ በስህተት ገባን» ነው። የቀሩትስ? እነሱ ይገባቸዋል ተብሎ ታልፏል። ያኔ በእውነተኛው ጓንታናሞ ኢትዮጵያ ውስጥ የተወለደው፣ የእንግሊዝ ነዋሪው ቢንያም መሐመድ ታስሮ ነበር። በ2002 ካራቺ ላይ ተይዞ፣ ወደ ሞሮኮ ተወስዶ፣ በ2004 ጓንታናሞ ገባ። ክሱ በ2008 መጨረሻ አካባቢ ተነሳለት፣ በፌብሩዋሪ 2009 ሳይፈረድበት ወደ እንግሊዝ ተመለሰ። ይህን እያወቀ ፊልሙን የሚያይ ሰው የጎን ክፍሉ ቀልድ ላይ ሳቁ ይቆማል። የኔም ቆሟል።

መጨረሻ ላይ ከሰማይ ወርደው ቴክሳስ ያለው የጆርጅ ቡሽ ቤት ውስጥ ይወድቃሉ። ቡሽ አብሯቸው ያጨሳል፤ ምክትሉን ዲክ ቼኒን የሚፈራ፣ የአባቱ ጥላ የከበደው፣ መልካም ልብ ያለው ሰው ሆኖ ይቀርባል። መንግሥትን ባታምኑም አገራችሁን ውደዱ የሚል ምክር ሰጥቶ ምሕረት ያደርግላቸዋል። ብዙ ሰው ይሄን ትዕይንት የፊልሙ አናት አድርጎ ነው የሚያወራው። ለኔ የፊልሙ ትልቁ ሽሽት ነው። እስር ቤቱን የከፈተው ሰው ጥሩ አጫሽ ሆኖ ሲገኝ ጥፋቱ ሁሉ ሮን ፎክስ በሚባል አንድ ደደብ ላይ ተደፋ። «ንጉሡ ደግ ነው፣ አማካሪዎቹ ናቸው» የሚባለውን ዜማ እኛም አገር በደንብ እናውቀዋለን።

ይህን ሁሉ ብዬም ከሦስቱ ሁለተኛውን ነው የማስመርጠው። የሚወድቀው ትልቅ ነገር ሞክሮ ነው።

ሦስተኛው፣ በ2011 የወጣው የገና ፊልማቸው፣ እንደ ፊልም የበለጠ የተስተካከለ ነው። አቀራረቡ ያምራል፣ በሦስት አውታር (3ዲ) ምስል ላይ ራሱ ያሾፋል፣ ዳኒ ትሬሆ ደግሞ እንደ አማች አስፈሪ ነው። ሃሮልድ አሁን ዎል ስትሪት ላይ ትልቅ ሰው ሆኗል፤ መሥሪያ ቤቱ በር ላይ ሰልፈኞች ቆመው ይጮሃሉ፣ ዕቃ ይወረውራሉ። የሚገርመው ፊልሙ የተቀረጸው በ2010 ነው፤ ኦኪዩፓይ ዎል ስትሪት የሚባለው ባንኮችን የሚቃወም እንቅስቃሴ የጀመረው ደግሞ ሴፕቴምበር 2011፣ ፊልሙ ከመውጣቱ ጥቂት ሳምንታት ቀደም ብሎ። አጋጣሚው ወርቅ ነበር። ፊልሙ ግን አልተጠቀመበትም። ሰልፈኞቹ ለአንድ ቀልድ ብቅ ብለው ይጠፋሉ፤ ሃሮልድ ባንኩ ውስጥ ምን እንደሚሠራ ማንም አይጠይቀውም፤ ጭንቀቱ የተቃጠለው የአማቱ የገና ዛፍ ነው። የጓደኝነት ታሪክ ከፈለጋችሁ እሱን እዩ። ስላቅ ከፈለጋችሁ ግን ሁለተኛውን።

በነገራችን ላይ በሁለቱ ፊልሞች መካከል ካል ፔን ምን እንዳደረገ ታውቃላችሁ? በ2009 «ሃውስ» ከሚባለው የቴሌቪዥን ድራማ ወጥቶ የኦባማ ዋይት ሐውስ ውስጥ ተቀጠረ፤ ከሕዝብ ጋር ግንኙነት በሚሠራው ቢሮ። ከዚያ ለሦስተኛው ፊልም ሥራውን ለቅቆ ወጣ፣ ቀረጻው ሲያልቅ ተመለሰ። ፊልም ላይ ከቡሽ ጋር ያጨሰው ልጅ በእውን የዋይት ሐውስ ባጅ አንጠልጥሎ ዋለ ማለት ነው። ሦስተኛው ፊልም ለመንግሥት ጥርስ የሌለው በዚህ ይሁን በሌላ አላውቅም፤ የኦባማ ዘመን ኮሜዲዎች ብዙዎቹ እንደዚያው ለስላሳ ነበሩ።

ፍራይዴይ፦ ፖለቲካው ኪራይ ውስጥ ነው

ስለ ጓንታናሞ፣ ስለ ፕሬዚዳንት መስማት ካልፈለጋችሁ የፍራይዴይ ፊልሞች ይሻሏችኋል። አይስ ኪዩብና ዲጄ ፑ የጻፉት የ1995ቱ የመጀመሪያ ፊልም በሎስ አንጀለስ ሳውዝ ሴንትራል ሰፈር፣ በአንድ ቀን፣ ባብዛኛው በረንዳ ላይ ነው የሚያልፈው። ጥቁር ወጣት በረንዳው ላይ ጋንጃ ሲያጨስ ማሳየት ከሌላው ፊልም የተለየ ክብደት አለው። ኤሲኤልዩ የተባለው የመብት ድርጅት በ2013 ባወጣው ጥናት፣ በ2010 አንድ ጥቁር አሜሪካዊ ጋንጃ ይዘሃል ተብሎ የመያዝ ዕድሉ ከነጩ 3.73 እጥፍ ነበር፤ ሁለቱ የሚያጨሱት ግን ተቀራራቢ ነው። ለሃሮልድና ኩማር ጋንጃ ጨዋታ ነው። አይስ ኪዩብ የሚጫወተው ክሬግ ጋ ከጨዋታ በላይ ነው፣ ፊልሙ ግን አይነግራችሁም፤ በረንዳው ላይ አስቀምጧችሁ ዝም ይላል።

በመጀመሪያው ፊልም የክሬግን ጓደኛ የተጫወተው ክሪስ ታከር ወደ ክፍል ሁለት አልተመለሰም። ለብዙ ሰው እዚያው ላይ ተከታታዩ አልቋል፤ እኔ አልስማማም። በ2000 የወጣው «ኔክስት ፍራይዴይ» ክሬግን ወደ ራንቾ ኩካሞንጋ ይወስደዋል፤ ሎተሪ የደረሰው አጎቱ ቤት። ሣሩ አረንጓዴ፣ ቤቱ ትልቅ። ግን ሎተሪው ባለቤቱን አላዳነውም፤ የቤቱ ግብር አልተከፈለም፣ ቤቱ ሊሸጥ ነው። ሀብት ደርሶት አንድ ደብዳቤ የሚያንገዳግደው ቤተሰብ፤ ከብዙ ንግግር የበለጠ የሚያስረዳ ሐሳብ ነው። ችግሩ ቀልዱ ወደ ጎን መምታቱ ነው። አጠገባቸው የሚኖሩት ሜክሲኮአውያን ወንበዴ ብቻ ናቸው፣ ጎረቤቶቹ ሁሉ ካርቱን ናቸው። በኔ መለኪያ እዚህ ጋ ወድቋል፤ ደሃውን በሌላው ደሃ ያስቃል።

የ2002ቱ «ፍራይዴይ አፍተር ኔክስት» ይሻላል። ይህ ሐሳቤ ብዙ ወዳጅ የለውም። የገና ዋዜማ ነው። የገና አባት ልብስ የለበሰ ሌባ ገብቶ የኪራይ ብራቸውን ይወስዳል፤ አከራይዋ ደግሞ ዛሬ ካልከፈላችሁ ብላለች፣ ከእስር የወጣ ግዙፍ ልጅ አላት። ክሬግና የአጎቱ ልጅ ዴይ ዴይ አንድ ተራ የገበያ ቦታ ላይ ጥበቃ ይቀጠራሉ። ዴይ ዴይ ዩኒፎርም በለበሰ ማግሥት ሳይሆን በለበሰ ደቂቃ ራሱን የዓለም ፖሊስ ያደርጋል። ማይክ ኤፕስ ይሄን ሲጫወት እዩት። ትናንት ፖሊስ ሲያይ የሚሸሸው ልጅ ዛሬ አንገቱን ቀጥ አድርጎ ሰው ይገላምጣል፤ ደመወዙ ኪራዩን እንኳ አይሸፍንም፤ የሚጠብቀው ሱቅ የሱ አይደለም፤ የሚያባርራቸው ሰዎች የሱ ሰፈር ልጆች ናቸው። ይሄ ስለ ሥልጣን የተሠራ ስላቅ ነው፤ ቡሽን ማምጣት አላስፈለገውም። መጨረሻ ላይ ኪራዩን የሚሞሉት ቤታቸው ፓርቲ ደግሰው ነው፤ ይህ በጥቁር አሜሪካውያን ዘንድ ከኒው ዮርኩ የጥቁሮች ሰፈር ከሃርለም ዘመን ጀምሮ የቆየ ልማድ ነው። ከእስር ስለወጣው ሰውዬ ያሉት የመድፈር ቀልዶች ግን ጊዜ አልፎባቸዋል። ዛሬ ሲታዩ ይጎረብጣሉ፤ ያንን አውቃችሁ ግቡ።

ቺችና ቾንግ፦ ቀልዱ ፍርድ ቤት ሲቀርብ

የዘርፉ አባቶች ኮሜዲያኖቹ ቺች ማሪንና ቶሚ ቾንግ ናቸው። በ1978 «አፕ ኢን ስሞክ»ን ሠሩ፤ ከዚያ በየዓመቱ ማለት ይቻላል ተከታይ አወጡ። ከተከታዮቹ አንድ ብቻ ከመረጣችሁ የ1981ዱን «ናይስ ድሪምስ» ምረጡ። ሁለቱ ከአይስክሬም መኪና ላይ ጋንጃ እየሸጡ ሀብታም ይሆናሉ። የሚያሳድዳቸው ሳጅን ስቴደንኮ ደግሞ ከመጀመሪያው ፊልም የምናውቀው ነው። ማስረጃውን «ለምርመራ» እያለ ያጨሳል፣ ያጨሳል፣ ቀስ በቀስ ወደ እንሽላሊት ይለወጣል። ኒክሰን በ1971 የዕፅ ሱስን የሕዝብ ጠላት ቁጥር አንድ ብሎ ካወጀ ወደ 10 ዓመት ሊሆነው ነበር። ፖሊሱ የሚያሳድደውን ነገር ሆነ፤ ሙሉ ፖለቲካው ይኸው ነው። ፊልሙ በተረፈ ልል ነው። መሃል ላይ ብትነሱ፣ ቡና አፍልታችሁ ብትመለሱ፣ ያመለጣችሁ ነገር አይኖርም።

ታዲያ ለምን አስገባሁት? ከ22 ዓመት በኋላ ስለሆነው ነገር ነው። በፌብሩዋሪ 2003 የአሜሪካ መንግሥት ኦፕሬሽን ፓይፕ ድሪምስ ብሎ የማጨሻ ዕቃ ሻጮችን አፈሰ። ቶሚ ቾንግ የቤተሰቡ የመስታወት ቦንግ ንግድ ምክንያት ሆኖ ተከሰሰ፤ የንግዱ ሕጋዊ ስም «ናይስ ድሪምስ ኢንተርፕራይዝስ» ነበር። ጥፋቱን አመነ። ዓቃቤ ሕግ ቅጣቱ እንዲከብድ ሲከራከር ሰውዬው በፊልሞቹ የሕግ አስከባሪዎችን ሥራ እያቃለለ ሀብት ማካበቱን አነሳ። 9 ወር ፌዴራል እስር ተፈረደበት። ቾንግ ያኔ 65 ዓመቱ ነበር። እንሽላሊቱን ሳጅን ይህን አውቃችሁ ስታዩት ፊልሙ ሌላ ፊልም ይሆናል። ከሁሉም ፊልሞች መንግሥት በቁም ነገር የወሰደው በጣም የማይረባ የሚመስለውን ነው።

ስለ ስደተኛ የሆነ ነገር የምትፈልጉ ከሆነ ግን ተከታዮቹን ተዉና ቺች ማሪን በ1987 ብቻውን ጽፎ ያዘጋጀውን «ቦርን ኢን ኢስት ኤል.ኤ.» ፈልጉ። ተከታይ አይደለም፣ የጋንጃ ፊልምም አይደለም፤ ከመመሪያዬ ውጭ ነው፣ ይቅር በሉኝ። አሜሪካ የተወለደ፣ ስፓኒሽ በቅጡ የማይናገር ሰው መታወቂያውን ቤት ረስቶ ሲወጣ አፈሳ ውስጥ ገብቶ ወደ ቲኋና ይጣላል፤ ወደ ገዛ አገሩ በሕገወጥ መንገድ ሊገባ ይታገላል። የሃሮልድ ወላጆች አስተርጓሚ ትዕይንት ከወደዳችሁት ይህ የዚያ ታላቅ ወንድም ነው።

ሱፐር ትሩፐርስ 2ን ልተወው?

አዎ፣ ብዙዎቻችሁ ተዉት። በ2018 የወጣው ከገንዘቡ የተወሰነውን በ2015 ከአድናቂዎች በኢንተርኔት አሰባስቦ ነው። ሐሳቡ ጥሩ ነበር፤ በአሜሪካና በካናዳ መካከል ያለው ድንበር በስህተት ተሰምሮ ኖሯል፣ አንድ የኬቤክ ከተማ ወደ አሜሪካ ሊገባ ነው፣ የቨርሞንት ፖሊሶች ሄደው የካናዳዎቹን ይተካሉ። ድንበር ሲነሳ ሰው ሁሉ ስለ ደቡቡ ግንብ በሚጨቃጨቅበት ዓመት ሰሜኑን ድንበር መምረጥ ብልህ ነው። ግን ፊልሙ የካናዳውያንን አነጋገር ከማሾፍ አልፎ አልሄደም። ዜግነቱ በአንድ ሌሊት የተለወጠበት ሰው ምን እንደሚሰማው አንድ ጥሩ ትዕይንት ቢኖር ይቅር እለው ነበር።

እንግዲህ ምረጡ

አንድ ምሽት ብቻ ካላችሁ ጓንታናሞውን እዩ። ቡሽ ቤት ሲደርሱ ብታጠፉት አልቀየማችሁም፤ አምስተርዳም መድረሳቸውን እኔ ነግሬያችኋለሁ። ስለ ሽብር ጦርነትም ሆነ ስለ ፕሬዚዳንቶች መስማት የሰለቻችሁ፣ ኪራይ የምትከፍሉ፣ ወይም አንድ ጊዜ እንኳ ጥበቃ የገላመጣችሁ ከሆናችሁ ፍራይዴይ አፍተር ኔክስትን፤ የቀደሙትን ሳታዩም ይገባችኋል። ከጓደኞች ጋር ተሰብስባችሁ ለማውራት የምታዩት ከሆነ ናይስ ድሪምስን ክፈቱና የቾንግን ክስ ፊልሙ ከመጀመሩ በፊት ንገሯቸው፤ ከዚያ በኋላ ማንም ስልኩን አያይም። ቤተሰብ ውስጥ ዶክተር ሁን የሚባል ልጅ ካለ የ2004ቱን በርገር ፍለጋ ከጓንታናሞው ጋር አያይዛችሁ ብታዩ ሦስት ሰዓት ተኩል ይበቃችኋል። የገናውን ለታኅሣሥ አቆዩት፤ የአበሻው ገና ደግሞ ከፈረንጁ በኋላ ስለሚመጣ ሁለት ዕድል አላችሁ።